አቶ ቀጄላ ቀርበዋል

ነፋስ ስልክ፣ ሰኔ 14 ቀን 1972 ዓ.ም.

የሆዴ ፍሬ ልጄ ሁንዴሳ፣

ደህና ነህ ወይ? የኦዴሳ ምግብ ተስማማህ? እኔ ደህና ነኝ። ይህን ደብዳቤ በፖስታ ቤት አላክሁትም፤ የጎረቤታችን ልጅ አምሐ ወደ እናንተ ትምህርት ቤት ስለሚመጣ በእጁ ሰጥቼዋለሁ። አንብበህ ቅደደው።

የአባትህ የደመወዝ እርከን ክርክር ተወሰነ። ታስታውስ እንደሆነ፣ እሱና የሥራ ባልደረባው ጋሽ ዲንሳ ስምንት ዓመት ሙሉ የቀያሽ ሥራ እየሠሩ በረዳት ደረጃ ደመወዝ ብቻ ስለሚከፈላቸው ይግባኝ ብለው ነበር። አባትህ ከታሰረ ሁለት ዓመት ቢያልፍም መዝገቡ አልተዘጋም። ባለፈው ወር ጋሽ ዲንሳ መጥቶ፣ «ሸጊቱ፣ ቀጠሮው ማክሰኞ ነው። አቤት ባዩ ካልቀረበ አቤቱታው ይሰረዛል። አንቺ ቆመሽ መታሰሩን አስረጂ» አለኝ።

ማክሰኞ ረፋድ ላይ ይግባኙን ወደሚሰማው ጉባኤ ገባን። ከጉባኤው አባላትና ከጸሐፊዋ በቀር ሌላ ሰው አልነበረም። ጸሐፊዋ ቀና እንኳ ሳትል ስም ጠራች። ጋሽ ዲንሳ «አቤት» አለ።

«አቶ ቀጄላ ጉደታ?»

ልነሳ ስል፣ ከኋላዬ ካለው ባዶ አግዳሚ ወንበር «አቤት» የሚል ድምፅ ሰማሁ። የአባትህ ድምፅ ነው፤ ከንግግሩ በፊት የምትቀድመው ሳል እንኳ አልቀረችም። ዞርኩ። ማንም የለም። የጋሽ ዲንሳ ግንባር በላብ ተጠምቋል። ጸሐፊዋ «ቀርበዋል» ብላ ጻፈች። ሰብሳቢው ውሳኔውን አነበቡ፤ ለሁለቱም የቀያሽ ደረጃ ይገባቸዋል ተባለ።

ስንወጣ፣ «ሰማኸው?» አልኩት።

«አልሰማሁም። አንቺም አልሰማሽም» አለኝ። እጄን ግን አውቶቡስ እስክንሳፈር አልለቀቀኝም።

ማኅተም ያለበትን የቃለ ጉባኤ ግልባጭ አወጣሁና ቅዳሜ ከስንቁ ጋር ይዤው ወደ እስር ቤቱ ሄድኩ። ሁልጊዜ ሳህኑን ተቀብለው ባዶውን አጥበው ይመልሱልኛል፤ እሱን ግን አንድ ቀን እንኳ አሳይተውኝ አያውቁም።

«ባለቤቴ ማክሰኞ ጉባኤ ፊት ቀርቧል፤ ይኸው ማኅተሙ። ለቃችሁት ከሆነ የት ሄደ?» አልኩ።

ዘበኛው አለቃውን ጠራ። አለቃው ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበው። ከዚያ ትልቁን መዝገብ አወጣና ከመጨረሻው ገጽ ጀምሮ ወደ ኋላ ይገልጥ ጀመር። ገለጠ፣ ገለጠ፤ እጁ አልቆም አለ። በስንት ጊዜው አንድ ገጽ ላይ ጣቱን አሳረፈ። ፊቱ አመድ መሰለ።

«ማክሰኞ ነው ያልሽኝ፣ እናቴ? ያየው ሰው አለ?»

«እኔ ድምፁን ሰምቻለሁ።»

መዝገቡን ዘጋ። «ከእንግዲህ ስንቅ አታምጪ» አለኝ፣ ዘበኛው እንዳይሰማው ዝግ ብሎ።

ያን ሁሉ ጊዜ ስንቄን ማን ሲበላው እንደኖረ አልጠየቅሁትም። ወረቀቴን ተቀብዬ በእግሬ ወደ ቤቴ ተመለስኩ።

ልጄ፣ አባትህ ረትቷል። ይህን ማንም አይወስድበትም። ዘንድሮ ለዕረፍት እንዳትመጣ፤ ትምህርትህን ጨርስ። ጥቁር ለብሳ አየናት የሚሉህ ቢኖሩ አትስማቸው፤ ነጩ በክረምት ቶሎ እየቆሸሸ አስቸግሮኝ ነው።

የረገጥከው ይለምልም፣ ክፉ ዓይን አይይህ፣ ዕድሜህን ያርዝምልኝ።

እናትህ ሸጊቱ