ያልተረጎምኩት እምቢታ

ሐምሌ 1፣ ጠዋት 3፡00
ዛሬም ዝናብ። እንጦጦ ላይ መኪና ውስጥ ተቀምጠናል። አዋ ሰማዩን ታያለች። ሴኔጋላዊት ዳይሬክተር ናት፤ በሠላሳ ዓመት ሦስት ፊልም ሠርታለች፣ ይሄ አራተኛው። የመጨረሻዬ ነው ትላለች። እኔ ረዳቷም አስተርጓሚዋም ነኝ። «ረዳት ዳይሬክተር» ተብሎ ስሜ ሲጻፍ የመጀመሪያዬ ይሆናል። ደብተሬ፣ ላንተ ብቻ ልንገርህ፤ ወረቀት ላይ ጽፌ አይቼዋለሁ፣ ያምራል።
የቀረን አንድ ትዕይንት ነው። ዋና ተዋናያችን ወ/ሮ ዘነበች ሹሩባ ተሠርተው፣ በፊልሙ ውስጥ ልጃቸውን ሲድሩ ይስቃሉ። እዚሁ ተወልደው ያረጁ፣ ከዚህ ፊልም በፊት ካሜራ ፊት ቆመው የማያውቁ ሴት ናቸው። የተከራየነው ካሜራ ቅዳሜ ይመለሳል። ከዚያ ወዲያ ሌላ ዕድል የለም።

ሐምሌ 2፣ ማምሻ
የወ/ሮ ዘነበች ወንድም ሞቱ። ቀብር እንጦጦ ማርያም። ድንኳን ስንገባ ጥቁር ለብሰዋል፤ ፀጉራቸውን ተላጭተዋል። አዋ አቅፋቸው አለቀሰች፣ ከልቧ። ወደ ውጭ ስንወጣ ግን ዊግ አድርገው ይቀረጹ እንደሆነ ጠይቂልኝ አለችኝ። ተመልሼ ጆሯቸው ሥር ሹክ አልኳቸው።
«ልጄ፣ ለወንድሜ የተላጨሁትን ሸፍኜ እንድስቅ ነው?»
ለአዋ «ያስቡበታል» አልኳት። ይሉኝታዬ!

ሐምሌ 4፣ ከሰዓት
መገናኛ። ታክሲው ንቅንቅ አይልም። ጭኔ ላይ አዋ ያስገዛችኝ፣ በፌስታል የተጠቀለለ ዊግ። አዋ ደስ ብሏት ደጋግማ ትደውላለች። ትናንት ወ/ሮ ዘነበች ጋ ሄጄ ነበር፤ ቀረጻው የቀረ መስሏቸው፣ ስለተረዳችሁልኝ እግዜር ይስጥልኝ አሉ። ራሴን ነቀነቅሁ። ሁለቱንም ዋሸሁ ማለት ነው። መውጫ የለኝም። ታክሲውም አይሄድ፣ ዝናቡም አያስወርድ።

ሐምሌ 5፣ ማታ
ጉዴ ፈላ። አዋ ሳትነግረኝ ዊጉን ይዛ ሄደች፤ ሮጬ ደረስኩ። ወ/ሮ ዘነበች ፌስታሉን ፈቱ፣ አዩት። ከዚያ እኔን አዩኝ። ነጠላቸውን አውርደው የተላጨ ራሳቸውን ለአዋ አሳዩዋት። አስተርጓሚ አላስፈለገም።
መኪና ውስጥ አዋ፣ ሴትዮዋ የመጀመሪያው ቀን ምን ብለው እንደነበር ጠየቀችኝ። ቃል በቃል ነገርኳት። ትጮህብኛለች ስል፣ ስለ ሁለተኛ ፊልሟ አወራችኝ። ዳካር፣ እናቷ በተቀበሩ ማግስት ቀረጸች፤ ለማንም ሳትናገር። ፊልሙ ተሸለመ። እስከ ዛሬ ደግማ አላየችውም። ቀጥላ፣
«መተርጎሙን ተዪው። ረዳት ዳይሬክተሬ ነሽ። ምን እናድርግ?»
እስከ ጠዋት ላስብበት አልኳት። ስሜ፣ ፊልሟ፣ የሴትዮዋ ራስ። እንቅልፍ የሚወስደኝ አይመስለኝም።

ሐምሌ 6፣ ቅዳሜ ጠዋት
እናቁም አልኳት። «እሺ» አለች። ካሜራውን አስረክቤ መጣሁ። ፊልሙ ላያልቅ ይችላል፤ ስሜም ላይጻፍ። ቆጭቶኛል፣ አልዋሽህም።
አሁን ወደ ወ/ሮ ዘነበች ቤት እየወጣን ነው። አዋ አብራኝ አትገባም፤ ይሄ ያንቺ ነው አለችኝ። የማንንም ቃል አላደርስም፣ የራሴን ነው። መኪናው ቆመ። በሩ ክፍት ነው፣ አይተውኛል። መጀመሪያ የምላቸው «ዋሽቼዎት ነበር፣ ይቅር ይበሉኝ» ነው።