ያልተሰማው የጋሽ ያደታ ሞት

ይድረስ ለምወድዎና ለማከብርዎ ወንድም ጋሼ ሙሉብርሃን፣

ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? ጉልበትዎ ተሻለዎት ወይ? የወደቡ ሥራና የጅቡቲ ሙቀት እንዴት አድርጎዎታል? እትዬ ዝናሽስ፣ ሀሴትዬስ ደህና ናቸው? እኔና እማዬ በአካል ደህና ነን፣ እግዚአብሔር ይመስገን። እኔ ግን እርር ድብን ብያለሁ።

የጎረቤታችንን የጋሽ ያደታን መርዶ ሾፌሩ ኑሬ በቃሉ እንዲያረዳዎ፣ ይህን ወረቀት ከዚያ በኋላ ብቻ እንዲሰጥዎ አደራ ብዬዋለሁ። እንዴት እንደተቀበሩ ግን ሌላ ሰው አስውቦ ሳይነግርዎ ከእኔ ይስሙት።

የምሠራበት ድርጅት ኢንተርኔት በጅምላ እየገዛ ለየቤቱ እንደሚያከፋፍል ያውቃሉ። ሰፈራችንን ያስገባሁት እኔው ነኝ። አምና እድሩ ስብሰባ ላይ ቆሜ፣ እርስዎ ጸሐፊ ሆነው ያገለገሉበትን ዘመን እያነሳሁ፣ የሙሉብርሃን እህት ትዋሻችኋለች ወይ ብዬ አሳመንኳቸው። መቶ ሰባ አባወራ ፈረመ። ኮሚቴውም ከእንግዲህ መርዶ በቴሌግራም ይነገር ብሎ ጥሩምባ ነፊውን ጋሽ ዲበኩሉን አመስግኖ አሰናበተ። ሰዉ ቤቴ ዋይፋይ አለ እያለ የስልክ ጥቅል መግዛቱን ተወ።

መስከረም ላይ ሌላ ኩባንያ መጣ። ኮንዶሚኒየሙ አጠገብ ቢሮ ከፍቶ በግማሽ ዋጋ ማስገባት ጀመረ። አለቃችን አቶ ቶኩማ ምን ያደረገ ይመስልዎታል? መስመር ጨምሮ፣ አገልግሎቱን አሻሽሎ የተፎካከረ ከመሰለዎት ተሳስተዋል። ከእኛ ሰፈር እየቀነሰ ለኮንዶሚኒየሙ ሰጠ እንጂ! ለአዲስ መጪው የአንድ ወር ነጻ፣ እንደ ልብ የሚሮጥ ኢንተርኔት፤ ዓመት ሙሉ ሳያጓድል ለከፈለው ደግሞ አንድ ፎቶ ለመክፈት ግማሽ ሰዓት። እንዲህ ይደረጋል ወይ ብዬ ብጠይቀው፣ ነባሮቹ በእድር ተጠርንፈው የገቡ ናቸው፣ የት ይሄዳሉ ብሎ ሳቀብኝ። ሰው አቤቱታ ሲያሰማ የዋይፋይ ሳጥኑን አጥፍተው ያብሩት እያልኩ የምመልሰው እኔ ነበርኩ። ችግሩ ሳጥኑ እንዳልሆነ አሳምሬ እያወቅሁ ለደመወዜ ስል ዝም አልኩ።

የጥር መጨረሻ ማክሰኞ አቶ ቶኩማ ኮንዶሚኒየሙ ግቢ ውስጥ የማስታወቂያ ቀን አዘጋጀ፤ ሙዚቃ፣ ትልቅ ስክሪን፣ ያላቀረበው ነገር የለም። ፍጥነቱን ለማሳየት ብሎ የእኛን ሰፈር እስከ ማታ ጭራሽ እንደሚዘጋው ሰኞ ዕለት ነገረኝ። ለማንም ትንፍሽ አላልኩም። ጋሽ ያደታ ማክሰኞ ንጋት ላይ አረፉ።

የእድሩ ጸሐፊ ስልኩ ላይ ጥቅል ስለነበረው በጠዋት መልእክቱን ላከ፤ ሁሉም ሰምቷል ብሎም ድንኳን ወደ ማስተከሉ ሄደ። ከወለንጪቲና ከደራ ዘመዶች ተደውሎላቸው ደረሱ። ሁለት መንገድ ተሻግሮ ያለው ጎረቤት ግን ምንም ሳይሰማ ሥራው ላይ ዋለ። በየማለዳው በራቸው ላይ ቆመው አላፊ አግዳሚውን ሁሉ አካም ቡልቴ፣ እንዴት አደራችሁ ይሉ የነበሩትን ሰው ከእድሩ የሸኛቸው አሥራ አንድ ሰው ነው። ባለቤታቸው እትዬ ወርቅውሃ ባዶ ወንበር በተደረደረበት ድንኳን ተቀምጠው፣ ያደታ ሰው ምን አስቀይሞ ይሆን እያሉ ዋሉ አሉ። እኔ ያን ሰዓት ኮንዶሚኒየም ግቢ የማስታወቂያ ወረቀት አድል ነበር።

በማግስቱ አቶ ቶኩማ ማኅተም ያረፈበት ደብዳቤ ሰጠኝ። መብራት ጠፍቶ ነው ይላል። አንቺን ስለሚያምኑ አንቺ አንብቢላቸው አለኝ። ሰው እንዴት እንዲህ አያፍርም? እሁድ እድሩ የተሰበሰበው ቀብር የቀረውን ሁሉ በደንቡ መሠረት ሊቀጣ ነበር። ተነሳሁና ደብዳቤውን ሳልገልጠው እውነቱን ዘረገፍኩት፤ ሰኞ ዕለት አውቄ ዝም ማለቴንም ጭምር። ውሉ በአንድ ድምፅ ፈረሰ፤ ጋሽ ዲበኩሉም ወደ ሥራቸው ተመለሱ። እኔ ሰኞ ጠዋት ተባረርኩ፤ ለእሱ እንኳ አላዘንኩም።

በሳምንቱ የአዲሱ ኩባንያ ሠራተኛ መጥታ አምና እኔ ያልኩትን ቃል በቃል ደገመችው። ኮሚቴው ነገ እናንተም ላይ ሌላ ተፎካካሪ ሲመጣ የእኛን መስመር ለማን ትሰጡታላችሁ ብሎ ጠየቃት። አለቃዬን ጠይቄ እመለሳለሁ ብላ ሄደች፤ እስካሁን ብቅ አላለችም።

ያን እሁድ የሆነ አንድ ነገር ግን ሳልነግርዎ ቀረሁ። ከስብሰባው እድርተኛው አንድም ሳይቀር ተነስቶ እትዬ ወርቅውሃ ቤት ሄደ። ሽማግሌዎቹ የሆነውን ሁሉ አስረድተው ይቅርታ ጠየቁ። እሳቸውም እያለቀሱ ሁሉንም በየተራ አቀፉ፤ ባላቸው ተንቀው እንዳልተቀበሩ ሲያውቁ ፊታቸው ትንሽ ፈታ አለ። እኔ የመጨረሻዋ ነበርኩ። ጉልበታቸውን ልስም ስጎነበስ ትከሻዬን ይዘው ቀና አደረጉኝ።

«እነሱስ አልሰሙም፤ አንቺ ግን ታውቂ ነበር» አሉኝ። አላቀፉኝም።

እማዬ በዓይኔ ውል እያልክ ነው ትልዎታለች። ተከራያችን ኢሕሳንም ሰላም ብላለች። እትዬ ዝናሽን ሰላም ይበሉልኝ፤ የሀሴትን ጉንጭ ይሳሙልኝ። በስምዎ ለሠራሁት ጥፋት ይቅርታዎን እለምናለሁ።

ታናሽ እህትዎ እንቁ

አዳማ፣ የካቲት 20 ቀን 2017 ዓ.ም.