ከሳሎናችን ያልተነሳው ፍራሽ

ውድ አባዬ፣

ጤናህ እንዴት ነው? ጉልበትህስ? የሞጆ ሙቀት እንደተስማማህ እትዬ ብዙወርቅ ነግራኛለች፤ ደስ ብሎኛል። እህትህ እጅ ላይ እስካለህ ድረስ ስለ ምግብህና ስለ መድኃኒትህ አልሰጋም። የምጽፍልህ ስለ ሌላ ጉዳይ ነው። ዙሪያ ጥምጥም ሳልሄድ ልንገርህ። ቤቱን አልሸጥኩትም። ማስታወቂያውንም አስወርጄዋለሁ።

አትቆጣ። ወይም ተቆጣ፣ ግን እስከ መጨረሻው አንብበህ ተቆጣ። በስልክ እንዳልነግርህ የቤቱ ወሬ ሲነሳ ሁልጊዜ ኔትወርክ ይጠፋብሃል። ስለ ቲማቲም ዋጋና ስለ እትዬ ብዙወርቅ ዶሮዎች ስናወራ ድምፅህ ጥርት ብሎ ይሰማኛል፤ "አባዬ፣ መቼ ነው የምትመለሰው?" ስልህ ግን "ሃሎ? ሃሎ?" ትልና ይዘጋል። ስለዚህ ደብዳቤ መረጥኩ። ግትርነቴን ከማን እንደወረስኩት ደግሞ ራስህ ታውቃለህ።

ሥራ መቀየሬን ስነግርህ ምን እንደምሠራ በደንብ አልገባህም ነበር። "የሌለ ሶፋ ፎቶ ላይ አስቀምጬ ቤት አሻሽጣለሁ" ብዬህ፣ "ታዲያ ይሄ ማጭበርበር አይደለም እንዴ?" አልከኝ። አይደለም። አብራኝ የተማረችው ቢፍቱ ሳሪስ ላይ ትንሽ ቢሮ ከፍታ የሚሸጡና የሚከራዩ ቤቶችን ፎቶ በኢንተርኔት ታወጣለች። ሰው ባዶ ክፍል ሲያይ ይጠበዋል፤ አልጋው የት እንደሚገባ፣ ሶፋው የት እንደሚሆን መገመት ያቅተዋል። ዓይን አይቶ ልብ ይፈርዳል እንዲሉ፣ የባዶውን ክፍል ፎቶ አንስተን በኮምፒውተር ዕቃ እንሞላዋለን። ከፎቶው ሥርም ዕቃው በኮምፒውተር የተጨመረ መሆኑን እንጽፋለን። ቢፍቱ ቨርቹዋል ስቴጂንግ ትለዋለች። እኔ ቤት ማልበስ እለዋለሁ።

ፎቶ ቤት ውስጥ የሙሽሮችን ፊት ሳሳምር ስለኖርኩ ሥራው ቀላል መስሎኝ ነበር። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች። የመጀመሪያው ሶፋዬ መሬት አልነካም። ጥላ ሳልሠራለት ቀርቼ ከወለሉ ከፍ ብሎ ተንሳፈፈ። ቢፍቱ አየችውና "ይሄ ሶፋ ሊያርግ ነው እንዴ?" አለችኝ። ቀጥሎ ያስቀመጥኩት ፍሪጅ በበሩ የማይገባ ሆኖ ተገኘ። "በሩ መለኪያሽ ይሁን፤ የበር ቁመት ይታወቃል" ብላ አሳየችኝ። ደግሞ ሌላ ጊዜ ፀሐዩ በግራ መስኮት እየገባ የጠረጴዛውን ጥላ ወደ ግራ ጣልኩት። በዚህ ዓለም ላይ ወደ ፀሐይ የሚወድቅ ጥላ የሠራሁ እኔ ብቻ ሳልሆን አልቀርም።

ከሁሉ ያሳፈረኝ ግን ሳሪስ አቦ ያለ የአንድ አፓርታማ ሳሎን ነው። አራቱንም ግድግዳ በሶፋ ከበብኩት። እኛ ሰፈር ሳሎን እንዲህ አይደል? መሃሉ ክፍት፣ ዙሪያው መቀመጫ፤ ማኅበር ቢወጣ፣ ዘመድ ከገጠር ቢመጣ ማንም ቆሞ እንዳይቀር። ቢፍቱ ሳቋን ለመያዝ አፏን በእጇ ሸፈነች።

"እሙ፣ ይሄን ሁሉ ሰው ማን ጠራው?"

"እንግዳ አይጠፋም ብዬ ነዋ።"

"የሚገዙት ባልና ሚስት ናቸው! ቤት እንጂ የዕድር አዳራሽ አይደለም እኮ የምንሸጠው።"

በጣም ተናደድኩ፤ ለራሴም ይህን ሥራ ሳልችል አልተውም ብዬ ማልኩ። ኢንተርኔት ካፌ እየሄድኩ የትምህርት ቪዲዮ አወርድ ነበር። ኔትወርክ ሲጠፋ ያወረድኩትን ደጋግሜ አያለሁ፤ መብራት ሲጠፋ ደግሞ ግቢ ወጥቼ የበርሜሉ ጥላ ከጠዋት እስከ ቀትር እንዴት እንደሚዞር እመለከታለሁ። ጎረቤት ያበድኩ ሳይመስለው አልቀረም። ከቃሊቲ ባቡር ስይዝ የሰው ሁሉ መስኮት ያጓጓኛል፤ እዚህ ቤት ብርሃን በየት በኩል ይገባል እያልኩ አስባለሁ። ቀስ በቀስ ሶፋዎቼ መሬት ረገጡ። ሶፋ ከግድግዳ ተላቆ መሃል ወለል ላይ ቢቆም ነውር እንዳልሆነም ተቀበልኩ።

በዚህ መሃል ነው አንተ ደውለህ "ቤቱን ሽጪው፤ ያንቺው ቢፍቱ ታውጣው" ያልከኝ። ያን ቀን ኔትወርኩ አልጠፋብህም። ለምን ብዬ ስጠይቅህ "እዚያ ቤት መግባት አልችልም" ብለህ ዘጋኸው። እኔ ግን በየቀኑ እገባበታለሁ፣ አባዬ። እዚያው ነው የማድረው። አንድም ቀን አልጠየቅከኝም።

ፎቶውን አነሳሁ። የኛን ሳሎን ኮምፒውተር ላይ ስከፍተው ቢፍቱ ጠጋ ብላ አየችና "ይሄ ግድግዳ ሥር ያለው ፍራሽ ምንድን ነው?" አለችኝ። "የለቅሶ ነው" አልኳት። የእማዬ ለቅሶ ዕለት ሰዉ እንዲቀመጥ ዕቃችን ሁሉ ወጥቶ ጎረቤታችን ጋሽ ከሊል ጋራዥ ሲገባ ታስታውሳለህ። ድንኳኑና አግዳሚው ለዕድሩ ተመለሰ። የኛን ዕቃ እንመልስ ሲሉህ አርባዋ ይውጣ አልክ። አርባዋ ሲወጣ ሙት ዓመቷ ይውጣ አልክ። ሙት ዓመቷ ሲወጣ አንተም ሻንጣህን ይዘህ ወጣህ። ፍራሹ እዚያው ቀረ፣ እኔም እዚያው ቀረሁ።

ቢፍቱ አንድ ሕግ አላት። የሚነሳ ነገር ከፎቶ ላይ ይነሳል፤ የማይነሳ ግን አይነካም። ባልዲ፣ መጥረጊያ፣ የተሰቀለ ልብስ ይጠፋል፤ የግድግዳ ስንጥቅ፣ የኮርኒስ እርጥበት ግን እንዳለ ይታያል፣ ገዢ መታለል የለበትም። ስለዚህ የማዕድ ቤቱን ግድግዳ ስንጥቅ ተውኩትና ፍራሹን ደመሰስኩት። ከሥሩ መታየት ያለበትን ሊሾ ከሌላ ጥግ ቀድቼ ለጠፍኩበት። ግማሽ ቀን ፈጀብኝ፤ በደመሰስኩት ቁጥር የሆነ ጥላ ይቀራል። ከዚያ ግራጫ ሶፋ፣ ዝቅ ያለ ጠረጴዛና ምንጣፍ አስገባሁ። ብርሃኑ በትክክለኛው መስኮት ገባ፣ ጥላውም በትክክል ወደቀ። ቢፍቱ አይታ "አሁን ቻልሽበት" አለችኝ። ከሷ ያገኘሁት የመጀመሪያው ምስጋና ነበር። ሽንት ቤት ገብቼ አለቀስኩ።

ቤታችን አምሮበት ነበር፣ አባዬ። ግን የሌላ ሰው ቤት ነበር። እዚያ ሶፋ ላይ የሚቀመጡትን ሰዎች ሳላውቃቸው ቀናሁባቸው።

ባለፈው እሑድ ገዢ መጣ። ጋሽ ያደታና ባለቤታቸው ወይዘሮ ድንቅነሽ ይባላሉ። የድሮ የአቃቂ ገበሬ ቤተሰብ ናቸው፤ አሁን ብሎኬት ይነግዳሉ። ሊያገባ የተቃረበ ልጃቸው ፎቶውን ስልኩ ላይ አይቶ "ሄዳችሁ እዩልኝ" ብሎ ልኳቸው ነው የመጡት። እነሱ ራሳቸው ፎቶውን በቅጡ አላዩትም፤ አድራሻውን ብቻ ይዘው ነው የመጡት። በሩን ከፈትኩላቸው። ሳሎኑ ባዶ ነው፣ ግድግዳው ሥር ፍራሽ ተነጥፏል፣ እኔ ደግሞ ብርድ ስለነበር ያን ጥቁር ሹራቤን ለብሻለሁ። ጋሽ ያደታ አንድ ጊዜ ዙሪያውን አዩና ባርኔጣቸውን አወለቁ። ወይዘሮ ድንቅነሽ ነጠላቸውን አዘቀዘቁ። ሁለቱም በቀስታ ሄደው ፍራሹ ላይ ተቀመጡ።

"እግዜር ያጽናሽ፣ ልጄ" አሉ ጋሽ ያደታ። "ነፍስ ይማር።"

"ቤቱን ልታዩ አይደል የመጣችሁት?" ማለት ነበረብኝ። እኔ ግን "አሜን" አልኩና አጠገባቸው ተቀመጥኩ።

"ማን ነው ያረፈው?" አሉ ወይዘሮ ድንቅነሽ።

"እናቴ ናት።"

"ወይኔ ልጄን! ታማ ነበር?"

ነገርኳቸው። ኩላሊቷ እንደታመመ፣ ለኛ ሳትነግር እግሯ እያበጠ ገበያ ትመላለስ እንደነበር፣ ሆስፒታል ስንገባ ሐኪሙ ለምን ቆያችሁ እንዳለን፣ በመጨረሻው ሰዓት "አባትሽን አደራ" እንዳለችኝ ነገርኳቸው። አባዬ፣ ይህን ላንተ እንኳ ተናግሬው አላውቅም። አደሴ የሚለውን ስሟን በአፌ ከጠራሁ ስንት ጊዜዬ ነው። ወይዘሮ ድንቅነሽ በነጠላቸው ጫፍ እንባቸውን እየጠረጉ "መቼ ነው ታዲያ?" አሉኝ።

"ሁለት ዓመት ሆናት።"

ጋሽ ያደታ የተቀመጡበትን ፍራሽ አዩት። "ሁለት ዓመት?"

"አዎ።"

"ታዲያ ይሄ እስካሁን ለምን አልተነሳም?"

"አባቴ አላስነሳ ብሎ ነው።"

"የታሉ አባትሽ?" አሉ ወይዘሮ ድንቅነሽ።

"ሞጆ፣ እህቱ ጋ።"

"እና ሐዘኑን ላንቺ አስረክበው ሄዱ?"

ልከላከልልህ ሞከርኩ። ጉልበቱን ያመዋል፣ ሞጆ ሙቀት አለ፣ ምናምን አልኩ። ሴትዮዋ ራሳቸውን ነቀነቁ። ያን ጊዜ ነው የተናደድኩት፤ በሳቸው ሳይሆን ባንተ። እውነታቸውን ነዋ። አስረክበኸኝ ነው የሄድከው። አንተ ሚስት እንደሞተችብህ ሁሉ እኔም እናት ሞታብኛለች፤ ያውም አንተን አደራ ብላኝ።

ሥራዬ ትዝ አለኝና እንባዬን ጠርጌ "በሉ ክፍሎቹን ላሳያችሁ፣ ዋጋውንም እንነጋገር" ብዬ ተነሳሁ። ጋሽ ያደታ እጃቸውን አነሱ።

"በለቅሶ ቤት ዋጋ አይወራም፣ ልጄ። ወንድ ልጄ ትዳር የሚጀምርበትን ቤት ፍራሽ ላይ ተቀምጬ አልገዛም። ቤቱ መልካም ነው፣ ግድግዳውን አይቼዋለሁ። መጀመሪያ ሐዘናችሁን አንሱ፤ ከዚያ የምትሸጡ ከሆነ ጥሪን።"

ወይዘሮ ድንቅነሽ ሲወጡ ጉንጬን ስመው "እኔን" አሉኝ። ከዚያ በኋላ ብዙ አልቆምኩም። ኮምፒውተር ላይ ግማሽ ቀን ያስለፋኝን ፍራሽ በሁለት እጄ አንስቼ ግቢ አወጣሁትና ፀሐይ ላይ አሰጣሁት። ሊሾው ላይ አራት ማዕዘን አቧራ ቀርቶ ነበር። አጥቤ ወለወልኩት። ሹራቤንም አወለቅኩት። ከዚያ ጋሽ ከሊልን ሄጄ አንኳኳሁ።

"ዕቃችንን ልወስድ ነው" አልኳቸው።

"አባትሽ ፈቀደ?"

"አልፈቀደም።"

"እንግዲህ ጋራዡ የኔ ነው" አሉ። "ልቀቁልኝ ብሎ አባረረን በይው።"

ልጆቻቸውን ጠርተው ቡፌውንም ሌላውንም ዕቃ ተሸከሙልኝ። እማዬ እንዳስቀመጠችው ግን አላስቀመጥኩትም፤ ይህን በድፍረት ነው የምነግርህ። ለካስ ቡፌው ስንት ዘመን ሙሉ ግማሽ መስኮት ሸፍኖብን ኖሯል! ወደ ውስጠኛው ግድግዳ አዞርኩት። የጠዋት ብርሃን አሁን እስከ ምግብ ጠረጴዛው ድረስ ይገባል። የአንድ ሰዉን ሶፋ አንተ በደጃችን የሚያልፈውን ሰው እያየህ እንድትቀመጥበት ወደ በሩ አስጠጋሁት፤ ስትነሳ የምትደገፍበት ጠንካራ ክንድ ያለው እሱ ነው። መሃል ላይ ደክሞኝ ተቀምጬ አለቀስኩ፣ ከዚያ ተነስቼ ጨረስኩ።

ቢፍቱን ማስታወቂያውን አውርጂልኝ አልኳት። "ለምን? ፎቶው ጥሩ ሆኖ ሳለ?" አለችኝ። "ባለቤቱ አይቶ ይወስን" አልኳት። ገባት። ሥራውን ግን አልተውኩም፤ ሰኞ ዕለት ደግሞ ሌላ ባዶ ቤት ሰጥታኛለች።

እንግዲህ ውሳኔዬ ይህ ነው። ቅዳሜ ሞጆ መጥቼ እወስድሃለሁ። አንድ ሳምንት ቤትህ ትቀመጣለህ። ከዚያ በኋላም "ሽጪው" ካልከኝ፣ እዚያው ሶፋህ ላይ ተቀምጠህ ዓይን ዓይኔን እያየህ በለኝ፤ ጋሽ ያደታን ራሴ እጠራቸዋለሁ፣ አንድ ቃል አልናገርህም። በስልክ ግን አልሸጥም። በሌለህበትም አልሸጥም። ደግሞ ጉልበትህን እንዳታሳብብ፤ እስከ በራችን እንዲያደርሰን ከባለመኪና ጋር ተነጋግሬያለሁ።

ሐዘንተኛን ከሐዘን የሚያስነሱት ሽማግሌዎች ናቸው፤ ልጅ አባቷን እንዲህ ስትል ነውር እንደሆነ አውቃለሁ። ሽማግሌዎቹ ግን አንተን ፈርተው ቀሩ፤ እኔም ሁለት ዓመት ጠበቅኳቸው። ከእንግዲህ አልጠብቅም። አባዬ፣ እማዬን በሚገባት አልቅሰህላታል። ይበቃል። ቤትህ ግባ።

የማትለቅህ ልጅህ፣
እምነት
አቃቂ፣ ኅዳር 2010 ዓ.ም.