እሺ ያልኩት እኔ ነኝ

ለምወድህ ታላቅ ወንድሜ፣

እንዴት ሰነበትክ? ያ የወገብህ ሕመም ተሻለህ? ባለቤትህስ ደህና ናት? ትንሿስ ትምህርት ቤቷን ለመደችው? እኛ ደህና ነን እንዳልልህ ዛሬ እጄ እምቢ አለኝ።

አባባ ቀዶ ጥገና ክፍል ውስጥ ናቸው። በሩ ከፊቴ ነው። ካሁን ካሁን ተከፈተ እላለሁ፤ ሲከፈት የምትወጣው ጽዳት ሠራተኛዋ ናት።

ነገሩ ከእግራቸው ጀመረ። የግራ ባታቸው አበጠ። ቀኑን ሙሉ ከስፌት መኪናው ስለማይነሱ ጅማት ነው አልን። እማዬ በዘይት ታሻቸው ነበር፤ እሳቸውም «ጠበቅ አድርጊው እንጂ፣ እጅሽ ሰነፈ» ይሏታል። ለካ የረጋ ደም ኖሯል። ከፊሉ ተነቅሎ ሳንባቸው ገባ። ትናንት ጠዋት ጨርቅ እየቆረጡ ሳለ ትንፋሽ አጠራቸው።

ደም የሚያቀጥን መድኃኒት ተሰጣቸው፤ ጨጓራቸው ደማ። ያን ጊዜ ሐኪሙ ወደ ኮሪደሩ ጠራኝ። ደረታቸው ተከፍቶ የረጋው ደም ካልወጣ ብዙ አይቆዩም አለኝ። ቢወጣስ? አልኩት። እንደ እሳቸው ካሉ አሥር ሰዎች ሁለት ሦስቱ ላይነሱ ይችላሉ አለኝ። እንደገና ጠየቅኩት። ሳይሰለች ደገመልኝ። ቁጥሩ ግን አልተሻሻለም።

እማዬ «ታላቅሽ ሳይሰማ? ማን ሆነሽ ነው?» አለችኝ። ደወልኩልህ፣ ስልክህ ዝግ ነው፤ ሥራ ላይ ነበርክ መሰለኝ። አባባን ብጠይቃቸው «አንቺ ያልሽው ይሁን» ብለው ነገሩን እኔው ላይ ጣሉት። ሐኪሙ ቆሞ ይጠብቃል። እሺ አልኩ። ድምፄ የሌላ ሰው መሰለኝ።

አባባ «የሰው ልብስ ስተረትር ኖሬ ዛሬ ተራው የእኔ ሆነ» አሉ። ሐኪሙንም «ለመሆኑ ስፌትህ ቀጥ ይላል?» ብለው አሳቁት። አልጋውን ሲገፉት ግን ጣቴን አልለቀቁም። ነርሷ ናት ያላቀቀችን።

አሁን እንደገና ብደውል ድምፄ ያሳብቅብኛል። ደግሞም ሳይወጡ ልጽፍልህ ፈለግኩ። በደህና ከወጡ ሁሉም ጎበዝ ይለኛል፤ ካልወጡም የሚሉትን አውቀዋለሁ። እሺ ስል ግን ከሁለቱ የትኛውንም አላውቅም ነበር። አንድ ሰው ይህን ይወቅልኝ። ምንም ቢሆን አንዲት ቃል ሳልለውጥ እልከዋለሁ።

ማሸቱ ሳያባብሰው እንዳልቀረ ሐኪሙ ለእኔ ብቻ ነው የነገረኝ። ለእማዬ እንዳትነግራት፣ አደራ።

ባለቤትህን እቀፍልኝ። ትንሿን ጉንጭና ጉንጯን ሳምልኝ። እማዬ ትስምሃለች፤ እንዳኮረፈችኝ ትከሻዬ ላይ እንቅልፍ ወስዷታል፣ እኔም እንዳልቀሰቅሳት ሳልነቃነቅ ነው የምጽፈው። ቤት የቀረችው ታናሻችን ናፍቆቷን ልካለች። ለአባባ ሰላምታ ከታች ሁለት መስመር ባዶ ትቻለሁ።



እህትህ
ከቀዶ ጥገናው ክፍል በር፣ አግዳሚ ወንበሩ ላይ
ሐሙስ ከሰዓት በኋላ፣ ኅዳር 9