ክብርት ሳሊ ሆይ፣ የጂብሪል ማሳ ላይ ሎሚ አለ ወይስ የለም?

ለክብርት እመቤት ሳሊ
የ«ለምለም ሸለቆ» የኮምፒውተር ጌም የደንበኞች አገልግሎት ኃላፊ
ያሉበት አገር ያልተነገረን

ክብርት ሆይ፣

ከሁሉ በፊት ለከበረ ጤናዎ እንደምን ሰነበቱ እያልኩ፣ ትናንት ሰማዩን አቅልቶ የጎበኘን የአቧራ ማዕበል፣ ሃቡብ የምንለው፣ እርስዎ ቢሮ ድረስ መጥቶ ወረቀትዎን እንዳልበተነብዎት ተስፋ አለኝ፤ በወረቀት በኩል ጠንቃቃ እንደሆኑ አውቃለሁና። እኛ አልሐምዱሊላህ ደኅና ነን። ደኅና ነን የምለው ሰላምታ ስለሆነ ነው።

ስሜ ሉጥፊያ ነው። ዐሥራ ሰባት ዓመቴ ነው፤ የምኖረው ኻርቱም፣ ጀሬፍ ነው። ትምህርቴን ስምንተኛ ክፍል ላይ ያቆምኩት በስምምነት ነው፦ አስተማሪው ዳስተር ወረወረብኝ፣ እኔም መልሼ ወረወርኩለት፣ የእሱ ሳተ፣ የእኔ አልሳተም። ስለዚህ እዚህ ደብዳቤ ውስጥ ስሕተት ቢያገኙ የዳስተሩ ጥፋት ነው። እስከ ዛሬ የላክንልዎትን ደብዳቤዎች ወደ እንግሊዝኛ የመለሱልን የኢንተርኔት ቤቱ ባለቤት ጋሽ ማዘንጊያ ናቸው። እሳቸው በደርግ ጊዜ ሸሽተው የመጡ፣ ብዙ መጽሐፍ ያነበቡ ጨዋ ሰው ስለሆኑ፣ እኔ «አንቺ ልበ ደንዳና» ስል እሳቸው «ክብርት እመቤት» እያሉ ይጽፉልኝ ነበር። «ስድብ አልተረጉምም ልጄ፣ ጉዳይሽን ያበላሽብሻል» ይሉኛል። ጉዳዬ ሳልሳደብም ስለተበላሸ፣ ይህን ራሴ በአማርኛ ጽፌ እዚሁ የኮሙኒቲያችን የግድግዳ ጋዜጣ ላይ ለጥፌዋለሁ። እርስዎ በማላነበው ቋንቋ ሲጽፉልኝ ከረሙ፤ እኔም በማያነቡት ቋንቋ ጻፍኩልዎት፤ ኸላስ፣ ተካካስን።

ነገሩን ለማያውቅ የግድግዳ ጋዜጣ አንባቢ ስል ከሥሩ ልጀምር።

ታላቅ ወንድሜ ጂብሪል እዚሁ ኻርቱም፣ ባሕሪ በሚባለው ሰፈር ብረት በያጅ ነበር። ዐርብ ዐርብ ጋሽ ማዘንጊያ ቤት አንዲት ወንበር ለሁለት ተካፍለን የእናንተን ጌም እንጫወት ነበር። ጌማችሁ እርሻ ነው፤ የገባበት ሰው ማሳ ይሰጠዋል፣ ይዘራል፣ ያጠጣል፣ ያጭዳል። በዚህ አጋጣሚ ከልብ ላመስግንዎት፦ አገር ለቀን ከወጣን ጀምሮ ወረቀት ሳይጠይቅ መሬት የሰጠን የእርስዎ መሥሪያ ቤት ብቻ ነው። ወረቀቱን የጠየቃችሁን ኋላ ነው።

ጂብሪል ወደ ሊቢያ ሊወጣ ሲል ፓስወርዱን ነገረኝና ስምምነት አደረግን። ቤንጋዚ ሲገባ ኢንተርኔት ቤት ፈልጎ ማሳችን ላይ ሽንኩርት ይተክላል፤ ትሪፖሊ ሲገባ ዱባ፤ ባሕሩን ተሻግሮ ጣሊያን መሬት ሲረግጥ ሎሚ። ሎሚ በጌማችሁ ብዙ ነጥብ ስለሚፈጅ ተክለነው አናውቅም። «ሎሚውን ለዚያ ቀን እናስቀምጠው» አለኝ፤ እኔም እሺ አልኩት። ስልክ የለም ወይ እንደሚሉኝ አውቃለሁ። ከበረሃው እንደወጣ በሰው ስልክ አንድ ጊዜ ደውሎ ነበር። እናታችን «ልጄ!» ብላ ለቅሶ ጀመረች፣ እሱም አለቀሰ፣ መስመሩ ተቋረጠ፤ በሉ እንግዲህ፣ የተላቀሱበትን ጉዳይ እንኳ ሳይነጋገሩ። ከዚያ በኋላ ወሬያችን በእናንተ ማሳ ሆነ።

እናቴ ፋሪሃ፣ አል-ጣኢፍ በሚባለው ሰፈር ሰው ቤት ትሠራለች። ፊደል አትለይም። ዐርብ ከሃፍላው፣ ከአውቶቡሱ፣ እንደወረደች፣ ቤት ሳትገባ፣ ጋሽ ማዘንጊያ ቤት ትመጣና «ያላ፣ ክፈቺልኝ፣ ልጄን ልየው» ትላለች። ልጄን የምትለው ባርኔጣ ያደረገውን የጌማችሁን ገበሬ ነው። አንድ ቀን አተኩራ አየችውና «ይሄ ልጅ ከስቷል» አለች። «እማ፣ ሥዕል ነው እኮ፣ አይከሳም» ስላት፣ «ዝም በይ፣ እናቱ እኔ ነኝ ወይስ አንቺ?» አለችኝ። ሽንኩርቱ የበቀለ ቀን የሰው ሁሉ ዓይን እያያት ስክሪኑን ሳመችው። ጋሽ ማዘንጊያ ስክሪን ሲነካ የሚቆጡ ሰው ናቸው፤ ያን ቀን መነጽራቸውን አውልቀው መጥረግ ጀመሩ።

ዱባውም በቀለ። ከዱባው አጠገብ ያለችው ታፔላ ላይ ጂብሪል «ባሕሩ ጸጥ ብሏል፣ ሰሞኑን እንነሳለን፣ ኢንሻአላህ» ብሎ ጽፎልን አገኘን። እነሆ ክብርት ሆይ፣ ቅሬታዬ የሚጀምረው ከዚህ ነው።

አንደኛ። በሚቀጥለው ዐርብ እናቴን አጠገቤ አስቀምጬ ፓስወርዱን ብጽፍ ቀይ ሳጥን መጣ። ጋሽ ማዘንጊያ አነበቡልን፦ አካውንቱ ከሁለት አገር ስለተከፈተ፣ ይህም የሚያጠራጥር ስለሆነ፣ ለባለቤቱ ደኅንነት ሲባል ተዘግቷል። ሁለት አገር ላይ መገኘት እንደሚያጠራጥር ከማንም በላይ እናውቃለን፤ እዚህም ከሻ ሲመጣ፣ ፖሊስ ከመንገድ ሲያፍሰን ማለቴ ነው፣ የሚነገረን ይኸው ነው። ግን ለጥንቃቄያችሁ ምስጋናዬን ሳላቀርብ አላልፍም። ወንድሜን ደላላው እንደ ጆንያ መኪና ላይ ሲጭነው፣ በረሃው ውሃ ሲከለክለው፣ ለማይችለው ባሕር ሲሰጡት ስለ ደኅንነቱ የጠየቀ አልነበረም። በሄደበት መንገድ ሁሉ ለጂብሪል ደኅንነት የተጨነቃችሁለት እናንተ ብቻ ናችሁ፤ የጠበቃችሁትም ከእናቱ ነው።

ሁለተኛ። ለመክፈት የተወለደበትን ቀን ንገሩን አላችሁ። ቀላል ጥያቄ መስሏችሁ ይሆናል። ጂብሪል የተወለደው በጳጉሜ ነው። እናቴ ወንዙ ሞልቶ አዋላጇ ማዶ እንደቀረች ትናገራለች፤ እሷ ስትናገር ወንዙ ይሰማል። የእናንተ የወር ዝርዝር ግን ዐሥራ ሁለተኛው ላይ ያበቃል። አካውንቱን የከፈትን ቀን ጂብሪል ዝርዝሩን ወደ ታች ሲጎትት፣ ሲጎትት፣ ወሩን አጣውና «እኔ ገና አልተወለድኩም ማለት ነው» ብሎ ሳቀ። ከዚያ የሆነ ቀን መረጠ። እኔ ጎኑ ተቀምጬ የገበሬውን ባርኔጣ እመርጥ ስለነበር አላየሁም። ባርኔጣው ገለባ ነው፤ ስለ ባርኔጣው ብትጠይቁኝ ኖሮ ወዲያው እመልስ ነበር።

የስደተኛ ወረቀቱ ላይ ያለውን ሞከርን፤ ጃንዋሪ አንድ። ስንመዘገብ ቀኑን በፈረንጅ አቆጣጠር የማያውቅ ሁሉ ጃንዋሪ አንድ ተወለደ ተብሎ ስለተጻፈ፣ የጀሬፍ ሰው እንዳለ የአንድ ቀን ልጅ ነው፤ ልደት የሚያከብር ቢኖር አንድ ኬክ ለሰፈሩ ይበቃ ነበር። አይደለም አላችሁ። ጋሽ ማዘንጊያ በወረቀት ላይ ደምረው ቀንሰው ጳጉሜን ወደ ሴፕቴምበር መለሱት። አይደለም አላችሁ። ዓመቱን በእኛ አቆጣጠር አስገብቶት እንደሆነ ብለን ስምንት ዓመት ወደ ኋላ መለስነው። አይደለም፣ ከእንግዲህም አትሞክሩ አላችሁ። እናቴ ምን እየሆነ እንደሆነ ስነግራት «እኔ ነኝ የወለድኩት፤ እኔ ስናገር ማን ነው አይደለም የሚለው?» አለች። እርስዎ መልስ ካለዎት ይላኩላት።

ሦስተኛ። ደብዳቤ ስንጽፍልዎት የአካውንቱ ባለቤት ፎቶ ያለበት መታወቂያውን ይዞ ራሱ ይቅረብ ብለው መለሱ። ክብርት ሆይ፣ ባለቤቱ ቢቀርብ ኖሮ እርስዎን ምን ልበልዎት ብዬ እጨነቅ ነበር? እቤት ውስጥ እሱ ላይ ነበራ የምጮኸው!

አራተኛው ቅሬታ መሆኑን እንጃ። መልስዎ ሁሉ «ውድ ጂብሪል» ብሎ ነው የሚጀምረው፤ «መልካም ጨዋታ! ሳሊ» ብሎ ነው የሚያልቀው። ለላክነው ሁሉ ያው መልስ፣ ገና ጣቴን ከኪቦርዱ ሳላነሳ ይደርሳል። ጋሽ ማዘንጊያ ቀስ ብለው «ሉጥፊያ፣ ሳሊ የምትባል ሰው ያለች አይመስለኝም፤ ማሽኑ ነው የሚመልሰው» አሉኝ። እናቴ ሰምታ ተቆጣች። «ማሽን ከሆነች ስሙን ማን አስተማራት? ይልቅ እናት እንዳላት ጠይቁልኝ» አለች። ዐርብ ዐርብ ለእርስዎም ዱዓ ታደርጋለች፤ አላህ ልቧን ያራራልን ትላለች። እኔ ምን እንደምል እዚህ አልጽፍም፤ ጋዜጣው ላይ ሽማግሌዎች ያነባሉ።

«ውድ ጂብሪል» የሚለውን ግን አታጥፉት። ሰፈር ውስጥ ስሙን እየተዉት ነው። በዚያ ሰሞን ከወጡት ጀልባዎች አንዱ ደረሰ፣ አንዱ አልደረሰም ይባላል። የጎረቤታችን የይመኙሻል ልጅ ደርሶ ደወለላት። እሷ ከዚያ ወዲህ እናቴን ስታይ በሌላው መንገድ ትዞራለች፤ ደስታዋን ከእኛ ትሸሽጋለች፤ ልጇ በየትኛው ጀልባ እንደነበረ፣ ማን አብሮት እንደነበረ ስንጠይቃት «አላወቀም፣ ጨለማ ነበር» ትላለች። ሌሎቹ «ያ የፋሪሃ ልጅ» ማለት ጀምረዋል። ሰው ጂብሪል ብሎ ለመጥራት በፈራበት ጊዜ፣ «ውድ ጂብሪል» ብለው የሚጽፉለት እርስዎ ብቻ ነዎት። ለዚህ ብቻ የምሬን አመሰግንዎታለሁ። አይልመድብዎት።

አሁን ወደ መጨረሻው ነገር ልምጣ። ይህን ስጽፍ የጀሬፍ ሰዎች፣ እናንተንም ጭምር ነው የምለምነው።

በቅርቡ፣ ክብርት ሆይ፣ የጌማችሁን የመግቢያ ገጽ አሳምራችሁ አደሳችሁት። ፓስወርድ ከሚጻፍበት ሳጥን ኋላ አዲስ ሥዕል አድርጋችኋል፤ ጌሙን ለከፈተ ሁሉ፣ ሳይገባ ገና በር ላይ ቆሞ የሚታይ፤ ዓለም ላይ ላለ ሰው ሁሉ አንድ ዓይነት። አረንጓዴ መስክ አለ፣ ባርኔጣ ያደረገ ገበሬ አለ፣ ከአጠገቡ ቢጫ ፍሬ የተንጠለጠለበት ዛፍ አለ። ያን ዐርብ እናቴ መጣች። «ያላ፣ ክፈቺልኝ» አለች። ከበሩ እንደማናልፍ እያወቅሁ ከፈትኩት። ጠጋ ብላ አየችው። ከዚያ ጣቷን ዛፉ ላይ አድርጋ «ይኸው!» አለች። «ይኸው ሎሚው! አላለም? ተሻገረ!»

እልል ስትል መንገደኛው ሁሉ ገባ። ከዳቦ ቤቱ ሰዎች ሳይቀሩ መጥተው «መብሩክ፣ እንኳን ደስ ያለሽ» አሏት። ጋሽ ማዘንጊያን አየኋቸው፤ እሳቸውም አዩኝ። ማንም ሲያጠፋ ወዲያው የሚያርሙት ሰውዬ፣ ወደ ውጭ ወጥተው ለሁሉም ሻይ አዘዙ። እኔ ለዳስተር መልስ የማላጣው ልጅ፣ «አዎ እማ፣ ሎሚ ነው» አልኳት።

ስለዚህ የጀሬፍ ሰዎች ሆይ፣ ይህን ግድግዳ የምታነቡ ሁሉ፣ እናቴ በዚህ በኩል ስታልፍ ቆማ «ምን ይላል?» ብትላችሁ፣ ስለ ውሃ ቦኖው ነው በሏት። ማንበብ ለማያውቅ ሰው ማንበብ ጽድቅ እንደሆነ አውቃለሁ። ይህቺን ጽድቅ ግን ተዉአት።

እርስዎንም ክብርት ሳሊ፣ አካውንቱን ክፈቱልኝ ብዬ ከእንግዲህ አላስቸግርዎትም። ማሳውም፣ ዱባውም፣ ያጠራቀምነው ነጥብም ለእናንተ ይሁን። አንድ ጊዜ ብቻ፣ ቁልፉ እጅዎ ላይ ስለሆነ፣ ገብተው በዓይንዎ ይዩልኝ። ከዱባው ጎን ሎሚ ተተክሎ እንደሆነ «አለ» በሉኝ። ከሌለም «የለም» በሉኝ። ለእኔ ብቻ። እኔ ማወቅ እችላለሁ፤ ቢያንስ ከእናቴና ከእኔ አንዳችን ማወቅ አለብን።

መታወቂያ የማይጠየቅበት ረጅም ዕድሜ፣ ልጆች ካሉዎትም በዝርዝራችሁ ውስጥ ባለ ወር የተወለዱ እንዲሆኑ እየተመኘሁ፣ ከታላቅ አክብሮትና ከማልጽፈው ሌላ ነገር ጋር፣

የአካውንቱ ባለቤት ታናሽ እህት፣ የባርኔጣው መራጭ፣
ሉጥፊያ
ኻርቱም፣ ጀሬፍ

ማስታወሻ፦ ጂብሪል ራሱ አንድ ቀን ከሦስተኛ አገር ሊገባ ቢሞክር ያው ሊያጠራጥራችሁ ነው፤ ማሌሽ፣ ግድ የለም፣ ይግባ ተዉት። እስከዚያው ግን የመግቢያችሁን ሥዕል መልሳችሁ ማደስ ቢያምራችሁ፣ ዛፉን ከመቁረጣችሁ በፊት አንድ ዐርብ እዚህ መጥታችሁ፣ እናቴ ጎን በዚያች ወንበር ተቀምጣችሁ፣ ራሳችሁ ንገሯት።