አምለሰት በካቡ ላይ የደረደረቻቸው ድንጋዮች

ለተከበሩት ታላቅ ወንድሜ ለጋሽ ክንዱ ባምላኩ
አዳማ

ጋሼ፣ እንደምን ከርመዋል? ጉልበትዎስ እንዴት ሆነ? ደረጃ ስወጣ ያመኛል ካሉኝ ወዲህ በሐሳቤ ያን ደረጃ አብሬዎት ስወጣና ስወርድ ነው የከረምሁት። እትዬ ሀይማኖትስ፣ ስኳሩ ረገብ አለላቸው? መሐሪ ሥራው ተስማማው? ወይኒቱስ ከወለደች ወዲህ በረታች? እኛ ተመስገን ነው። ባለቤቴ ደሴ በቆሎውን ጎተራ አስገብቶ አሁን የመስኖ ድንቹን ይኮተኩታል። ላሟ ወልዳለች፣ ጥጃዋም ሴት ናት። አምለሰት ደኅና ናት፤ ቁመቷ ትከሻዬን ሊደርስ ምንም አልቀረው።

ይህን ደብዳቤ የምጽፈው ስልክ አጥቼ አይደለም። ኔትወርኩ ሲሻው ይመጣል። ሲመጣ ግን እርስዎ ይናገራሉ፣ እኔ «እሺ ጋሼ» እላለሁ፣ ካርዱም ያልቃል። ባለፈው እሑድም እንደዚያው ሆነ። «ለፋሲካ መጥቼ አምለሰትን እወስዳታለሁ፣ ልብሷን አዘጋጂ» አሉኝ። እኔም እንደ ልማዴ «እሺ ጋሼ» አልሁ። ስልኩ ከተዘጋ በኋላ ግን ያ እሺታ ከአፌ እንጂ ከልቤ እንዳልወጣ ገባኝ። እነሆ አሁን በወረቀት መልሼ እወስደዋለሁ። አምለሰትን አልሰጥዎትም።

አባታችን ካረፉ ወዲህ የቤታችን ትልቅ እርስዎ ነዎት። እኅታችን ጌጥነሽ በሞት ስትለየንም የሦስት ዓመት ልጇን አምለሰትን እኔ እንዳሳድጋት የወሰኑት እርስዎ ነበሩ። ሰባት ዓመት ሙሉ ለልጅቷ ልብስና ደብተር ሳይልኩ የቀሩበት መስከረም የለም። ውለታዎን አልካድሁም። ቢሆንም እምቢ እላለሁ፤ ምክንያቱን ደግሞ ማንም ሳያቋርጠኝ እስከ መጨረሻው ልንገርዎት።

የተቆጡበትን አውቃለሁ። የአጎታችን ልጅ ደጀኔ ከቡሬ መጥቶ ሳለ የልጅቷን የፈተና ወረቀት በስልኩ አንስቶ ልኮልዎታል። «ሠላሳ ዓመት ጂኦግራፊ ያስተማርሁ ሰው የእኅቴ ልጅ ፀሐይ በየት በኩል እንደምትወጣ አታውቅም?» አሉኝ። ቀዩን ኤክስ አይተዋል። መልሱን ግን ያነበቡት አልመሰለኝም፤ ደጀኔ ሲያነሳው ጣቱ ጋርዶት ይሆናል። እኔ ልጻፍልዎት። ጥያቄው «ፀሐይ በየት በኩል ትወጣለች?» ይላል። አምለሰት እንዲህ ብላ መለሰች፦ «በሰኔ ሚካኤል ከቤተ ክርስቲያኑ ደን ላይ ትወጣለች። በታኅሣሥ ሚካኤል ከገደሉ አፋፍ ላይ ትወጣለች። በመስከረምና በመጋቢት ከዋንዛው ዛፍ ላይ ትወጣለች።» መስመሩ ስላልበቃት መጨረሻውን በወረቀቱ ጠርዝ ላይ ወደ ታች ጽፋዋለች።

ይህን ከመጽሐፍ አላገኘችውም፣ እኔም አልነገርኋትም። የዛሬ ሁለት ዓመት ትምህርት ቤቱ ተዘግቶ በከረመ ጊዜ ቤት ዋለች። የማስተምርበት መጽሐፍ አልነበረኝም። እንደሚያውቁት እኔ ራሴ ፊደል የለየሁት እርስዎ ከፍኖተ ሰላም ለእረፍት ሲመጡ ግድግዳው ላይ በለጠፏቸው ጋዜጦች፣ ስኳር በተጠቀለለባቸው ወረቀቶችና እርስዎ ጨርሰው በጣሏቸው ደብተሮች ነው። አንዱ ጋዜጣ ተገልብጦ ስለተለጠፈ እስከ ዛሬ የተገለበጠ ጽሑፍ እንደ ቀናው አነባለሁ። ግድግዳው እንደገና ከተመረገ ወዲህ ግን እሱም የለም። እንግዲህ ያለንን ፈለግን፤ ያለን ደጁ ነበር።

እርስዎና አባታችን የሠራችሁት የድንጋይ ካብ አሁንም በምሥራቅ በኩል እንዳለ ነው። አምለሰት በየወሩ በአሥራ ሁለተኛው ቀን፣ በሚካኤል፣ ጎሕ ሲቀድ ተነሥታ የግቢውን በር ምሰሶ ተደግፋ ትቆማለች። ፀሐይ ብቅ ስትል ከምሰሶው ሳትነቃነቅ «ወደ ቀኝ እማ፣ አይ አለፍሽው፣ ትንሽ ወደ ግራ» እያለች ታዘኛለች፤ እኔም በትክክለኛው ቦታ ላይ ካቡ ላይ አንድ ድንጋይ አስቀምጣለሁ። በሰኔ ጀመርን። ሐምሌና ነሐሴ ደመና ነበር፣ ምንም አላየችም። «በግምት እናስቀምጠው» ብላት «ያላየሁትን አላስቀምጥም» አለችኝ። ከመስከረም ጀምሮ ድንጋዮቹ ወደ ቀኝ ሄዱ፣ ሄዱ፣ ታኅሣሥ ላይ ከገደሉ አፋፍ ትይዩ ደረሱ። ጥር ላይ ድንጋዬን ይዤ አሁንም ወደ ቀኝ ሳመራ «እማ ተመለሽ፣ ተመለሽ» ብላ ጮኸች። የጥር ድንጋይ በኅዳሩ ድንጋይ ላይ ተነባበረ። ያን ዕለት ቁርስም አልበላች፤ ካቡ ሥር ቆማ ስታየው ዋለች።

አሁን ደግሞ ስለ አባታችን ልጻፍ። ይህን ለማንም ተናግሬው አላውቅም። እርስዎ የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ሳሉ ለገና መጥተው ነበር። አባታችን ከጎረቤት ጋር ደጅ ተቀምጠው አፋፉን በጣታቸው እያሳዩ «ፀሐይቱ እዚያ ደርሳ ተመልሳለች፣ እንግዲህ ቀኑ እየረዘመ ነው» አሉ። እርስዎ መጽሐፍዎን ገልጠው «አባባ፣ ፀሐይ በምሥራቅ ነው የምትወጣው፣ ወዲያ ወዲህ አትልም» አሏቸው። አባታችን መጽሐፉን ተቀብለው ገጹን ትኩር ብለው አዩት፤ ማንበብ አይችሉም። ከዚያ «እንግዲያው እኔ ነኛ የተሳሳትሁ» ብለው መለሱልዎት። ጎረቤቶቹ ሳቁ። ከዚያ ቀን ወዲያ አባታችን ያን አፋፍ ለልጅ ሲያሳዩ አላየሁም። በእርስዎ ላይ ቂም የለኝም፤ ልጅ ነበሩ፣ መጽሐፉም የተሰጠዎት እንደዚያ ሆኖ ነው። እኔ ግን ጥግ ይዤ ተቀምጬ ሁሉን አይቻለሁ። አባታችን ትክክል ነበሩ። ይህን ሳልነግራቸው ሞቱብኝ።

ፈተናው ከተመለሰ በኋላ በየካቲት ሚካኤል ጠዋት አምለሰትን ቀሰቀስኋት። ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ «ምን ያደርጋል እማ፣ መጽሐፉ አንድ ቦታ ነው የሚለው፤ እኔ ነኝ የተሳሳትሁት» አለችኝ። ጋሼ፣ የአባታችንን ቃል ከዚህች ልጅ አፍ ሰማሁ።

በማግሥቱ የፈተናውን ወረቀት በነጠላዬ ጫፍ ቋጥሬ ትምህርት ቤት ሄድሁ። ደሴ «ከመቼ ወዲህ ነው አንቺ አፍ ያወጣሽው?» ብሎ ሳቀብኝ፤ ቢስቅም እስከ ወንዙ ሸኘኝ። መምህሩ ይሄይስ ይባላል፣ የመራዊ ልጅ ነው፣ ገና ወጣት ነው። ወረቀቱን አሳየሁት። «እትዬ አቻም፣ ጥያቄውም መልሱም ከወረዳ ነው የመጣው፣ የእኔ ሥራ ማረም ብቻ ነው» አለኝ። «ፀሐይቱስ ከወረዳ ነው የምትመጣው?» አልሁት። አብረውት የነበሩት መምህራን ሳቁ፣ እሱም ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም። ቤቴ መጥቶ ቆሞ ለማየት ቃል እስኪገባልኝ ድረስ ከዚያ በር እንደማልነሣ ነገርሁት፤ በሩ ሥርም ተቀመጥሁ። እርስዎ የሚያውቋት አቻምየለሽ ናት እንዲህ ያደረገች።

ቅዳሜ ጎሕ ሲቀድ መጣ። ምሰሶው ላይ ቆመ። ፀሐይ ከዋንዛው በስተቀኝ፣ ብዙ ርቃ ብቅ አለች። ስልኩን አውጥቶ አቅጣጫ ለካ፤ ትክክለኛው ምሥራቅ ዋንዛው ላይ ነው። ፀሐይ በዓመት ሁለት ቀን ብቻ ነው እዚያ የምትገኘው። ከዚያ አንዳንዱ ቦታ አራት ድንጋይ ተነባብሮ አንዳንዱ ቦታ አንድ ብቻ የሆነው ለምን እንደሆነ ልጅቷን ጠየቃት። ዓይኗን ሳታነሣ የክረምቱን ደመና አስረዳችው። እሱም በመጋቢት ሚካኤል የክፍሉን ልጆች ይዞ ለመምጣት ፈቃድ ጠየቀኝ። ውጤቱን ግን አልቀየረውም፤ «ወደ ላይ ተልኳል፣ እጄ አጭር ነው» አለኝ። አልፈረድሁበትም፤ አልተቀበልሁትምም። የዘንድሮ የካቲት ድንጋይም ቀረ። በሌላ ቀን ያየችውን በአሥራ ሁለተኛው ቀን ቦታ አላስቀምጥም አለች። ያ ድንጋይ የጎደለው በደመና አይደለም ጋሼ፤ በቀይ ቀለም ነው።

«ያም ሆነ ይህ ያው ምሥራቅ ነው» ይሉኝ ይሆናል። አዎ፣ ምሥራቅ ማለት ስሕተት አይደለም። ልጅቷ ግን ከዚያ የበለጠ አውቃ በመጻፏ ዜሮ አገኘች። እርስዎ ዘንድ የመጣሁ ጊዜ ደረጃው ላይ ይጫወቱ ከነበሩት ልጆች አንዱን ፀሐይ በየት እንደምትወጣ ብጠይቀው «ከፎቁ ጀርባ» አለኝ። ልጁን አልነቅፈውም፣ ያየውን ነው የተናገረው። ትምህርት ቤታችሁ ወለሉ ያማረ፣ ኮምፒውተርም ያለው እንደሆነ ነግረውኛል። እኛ ዘንድ አንድ መጽሐፍ ለአምስት ልጅ ነው። መጽሐፍ አያስፈልግም የምል ሴት አይደለሁም፤ ከስኳር ወረቀት ያነበብሁ እኔ የመጽሐፍን ረኃብ አውቀዋለሁ። አምለሰት ፀሐይ ለምን ከአፋፉ እንደምትመለስ በየቀኑ ትጠይቀኛለች። መልሱን አላውቀውም። እርስዎ ያውቁታል። መደርደሪያዎ ላይ የተቀመጠችውን የምትሽከረከር ሉል ይዘው ይምጡና ካቡ ሥር ተቀምጠው ይንገሯት። ስምንተኛ ክፍል ስትጨርስ እሷው ልሂድ ካለች አልይዛትም። እስከዚያ ግን መጽሐፉ ወደ እሷ ይምጣ እንጂ እሷ ካቧን ትታ ወደ መጽሐፉ አትሄድም።

መንገዱ ሰላም ሆኖ ሚያዝያ ላይ ለፋሲካ ከመጡ፣ ከፈሰክን በኋላ ሳይተኙ ምሰሶው ላይ ይቁሙልኝ። ፀሐይቱ በዚያ ጠዋት ከዋንዛው ላይ ከወጣች የአምለሰትን ሻንጣ ራሴ ተሸክሜ ቡሬ መናኸሪያ ድረስ አደርሳለሁ። ዋንዛውን አልፋ ወደ ደኑ በኩል ከወጣች ግን ሉሏን ትተውልን ብቻዎን ይመለሳሉ።

እትዬ ሀይማኖትን በእኔ ስም ጉልበት ይሳሙልኝ። መሐሪን አክስትህ ሰላም ብላሃለች ይበሉት። የወይኒቱን ሕፃን ግንባሩን ይሳሙልኝ፣ ለእሷም ቅቤ በደጀኔ በኩል ልኬያለሁ። ደሴ እጅ ነሥቷል፤ በዚህ ነገር እኔም ካንቺ ጋር ነኝ ብለሽ ጻፊ ብሎኛል። አምለሰት ከአጠገቤ ሆና ይህን ስታነብ ነበር። ጉልበትዎን ስማለች። በፋሲካ ጠዋት ፀሐይ በየትኛው ድንጋይ ላይ እንደምትወጣ ታውቂያለሽ ወይ ብላት፣ አውቃለሁ፣ ግን ሳላይ አልናገርም ብላለች።

ታናሽ እኅትዎ
አቻምየለሽ ባምላኩ
ከቡሬ ገጠር፣ የካቲት ፳ ቀን ፳፻፲፰ ዓ.ም.