ልያ የምታናግረው ወንድም

ኅዳር 3 ቀን 1977፣ ጅማ
ዝናብ። በሆስፒታሉ የአእምሮ ሕክምና ክፍል ጠረጴዛ ተሰጠኝ! አንድ እግሩ አጭር ነው፣ ግን የራሴ። ኃላፊዬ አቶ ሀብተጊዮርጊስ ሳቁብኝ። «እታገኝ፣ እዚህ አገር ሰው የታወከ ልጁን ጠበል ወይ ሼኩ ዘንድ ይወስዳል እንጂ አንቺ ጋ አያመጣም።» ያመጣሉ። እናያለን።

ኅዳር 5
መጡ! ከየቡ። ልያ፣ ስምንት ዓመቷ። ሐምሌ ላይ በወባ ከሞተው ታላቅ ወንድሟ ከአሞጽ ጋር ታወራለች ብላ አስተማሪዋ ናት የላከቻት። እናትየው ወይዘሮ ታይቱ አብረዋት ናቸው። ከከምባታ የመጡ ጴንጤዎች።
«አሞጽ የት ነው?»
«ከጓሮ፣ ቡና ማስቀመጫው ቤት ውስጥ። ከጆንያው ኋላ።»
«ምን ይልሻል?»
«ዝናቡ አባራ ወይ ይላል።»
እናትየው የልያን እጅ ጨበጥ አደረጉ። «ሞቷል በያት እንጂ ልጄ!»
«ውሸት ኃጢአት ነው ብለሽኛል።»
ልክ ትምህርት ቤት እንደተማርነው! ሐዘን ያመጣው ቅዠት።

ኅዳር 8
የቡ ሄድኩ። አባቷ አቶ ኤርሲዶ ማስቀመጫውን አልከፍትም አሉ። መቃብሩን ግን ወስደው አሳዩኝ። ስንመለስ ልያ የተቀቀለ ጎደሬ በማስቀመጫው ግድግዳ ስንጥቅ አሾልካ ሰጠች። ለማን? ጎንበስ ብዬ አየሁ። ጎደሬው የለም።
«አይጥ ነው» አሉ አባትየው፣ ሳያዩኝ።
ከውስጥ አንድ ደረቅ ሳል ሰማሁ። አይጥ ያስላል እንዴ? የልጅቷ ወሬ እኔንም ያዘኝ መሰለኝ...

ኅዳር 10
ሪፖርቴን ጨረስኩ። ጆንያውን፣ ስንጥቁን፣ ጎደሬውን፣ ሁሉንም ጻፍኩ። ሳሉን ተውኩት። ይስቁብኛል። እንደ ደንቡ በሦስት ቅጂ፦ አንዱ ለእኛ፣ አንዱ ለጤና ጽሕፈት ቤት፣ አንዱ ለገበሬ ማኅበሩ።

ኅዳር 17
ከገበሬ ማኅበሩ ሊቀመንበር ደብዳቤ መጣ። «ከብሔራዊ ውትድርና ለማምለጥ ሞቷል የተባለው አሞጽ ኤርሲዶ በሪፖርታችሁ መሠረት ከቡና ማስቀመጫው ተይዞ ወደ ማሠልጠኛ ተልኳል። ለትብብራችሁ እናመሰግናለን።»
ያ መቃብር... ባዶ ነበር ማለት ነው።


ኅዳር 24
ልያ መጣች። እናትየው ከበር አላለፉም።
«አሞጽ የት ነው?» አልኳት። መጠየቅ ነበረብኝ?
ዓይን ዓይኔን እያየች «ሞቷል» አለችኝ። ጥርት ባለ ድምፅ። መዋሸት ማን አስተማራት? እኔ።
አቶ ሀብተጊዮርጊስ ደስ አላቸው። «ጎበዝ! ድናለች ብለሽ ዝጊው።»
ጻፍኩ። ድናለች።

ታኅሣሥ 1
ከሰርቦ ውቢት የምትባል ልጅ አመጡ። አልጋ ሥር ካለ ሰው ጋር ትንሾካሾካለች አሉ። ቤተሰቦቿን አስወጣሁ። በሩን ዘጋሁ። ብዕሬን ከድኜ መሳቢያ ውስጥ ከተትኩ።
«አሁን ንገሪኝ። ማን አለ እዚያ?»
ነገረችኝ።
እዚህም አልጽፈውም።